ብዙ የጻፈን ደራሲ ሕይወትና ሥራ እንዴት እንጻፍ? አቤ ጉበኛን ምሳሌ በማድረግ

በጎጃም ያሉ የአማርኛ ተማሪዎች፣ መምህራንና የንባብ ክበብ አባላት ስለ አገራቸው ሰው ደራሲ ጽሑፍ አዘጋጁ ሲባሉ ምርጫቸው አብዛኛውን ጊዜ ሐዲስ ዓለማየሁ ላይ ያርፋል። ይህ የሚያስደንቅ አይደለም፤ «ፍቅር እስከ መቃብር» በ1958 ዓ.ም. ከታተመ በኋላ በወጋየሁ ንጋቱ ድምፅ በሬዲዮ በመተረኩ መጽሐፉን በእጁ ይዞ የማያውቅ ሰው ሳይቀር ጉዱ ካሣንና ሰብለ ወንጌልን እንደ ጎረቤቱ ያውቃቸዋል፤ ደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲም በደራሲው ስም የሚጠራ የባህል ጥናት ተቋም አለው። ይሁን እንጂ ሐዲስ በረዥም ዕድሜያቸው ያሳተሟቸው ልብ ወለዶች በጣት የሚቆጠሩ ስለሆኑ፣ ትጉ አንባቢ በአንድ ክረምት ጨርሷቸው ወደ ጽሑፉ ሊገባ ይችላል። ብዙ የጻፈ፣ በብዙ ሰው የተነበበ፣ መጻሕፍቱ ግን በየቦታው የተበታተኑበት ደራሲ ሲያጋጥም ሥራው ሌላ መላ ይጠይቃል። ይህ መምሪያ ለዚያ ዓይነቱ ሥራ የተዘጋጀ ሲሆን፣ ምሳሌ የሚያደርገው ሌላውን የጎጃም ልጅ አቤ ጉበኛን ነው።

አቤ በ1925 ዓ.ም. ከባሕር ዳር ብዙም በማይርቅ ገጠር ተወለደ፤ ከቤተ ክህነት ትምህርት ወደ አስኳላ ተሻገረ፤ ጋዜጠኛም የመንግሥት ሠራተኛም ሆኖ ሠራ፤ ከዚያም በዘመኑ ጥቂቶች ብቻ የደፈሩትን ደፍሮ በብዕሩ ለመኖር ሞከረ። በ1972 ዓ.ም. ሲያርፍ ሃምሳ ዓመት አልሞላውም ነበር። ሆኖም ልብ ወለድ፣ ተውኔት፣ የግጥም መድበልና የዓለም መሪዎችን ሕይወት የሚመለከቱ መጻሕፍት አሳትሟል፤ በእንግሊዝኛም አንድ ተውኔትና በጣሊያን ወረራ ዘመን ላይ የተመሠረተ አንድ ልብ ወለድ ጽፏል።

ሥራው ከዝርዝሩ ይጀምር

ስለ እንዲህ ያለ ደራሲ ለመጻፍ የተነሣ ሰው የመጀመሪያ ፈተናው ወሬ ነው። ደራሲውን አውቀው ነበር የሚሉ ሰዎች ይገኛሉ፤ ጨዋታቸውም ይጣፍጣል፤ ጸሐፊውም ጨዋታውን ተከትሎ ሲሄድ ደራሲው በአንድ መጽሐፍና በአንድ እስር ተጠቃሎ ይቀራል። ስለዚህ ከማንኛውም ቃለ መጠይቅ በፊት የመጻሕፍቱ ዝርዝር መዘጋጀት አለበት። ዝርዝሩ የሕይወት ታሪኩ የኋላ አባሪ ተደርጎ የሚታይ ነገር አይደለም፤ የሕይወት ታሪኩ ራሱ የሚንጠለጠልበት ምሰሶ እርሱ ነው።

ለእያንዳንዱ መጽሐፍ አንድ ካርድ ወይም አንድ የደብተር ገጽ ይመደብ። በካርዱ ላይ የሚሰፍረው ርእስ ከሽፋኑ ሳይሆን ከውስጠኛው የርእስ ገጽ ይወሰድ፤ ሽፋኑን የሠራው ሠዓሊ ለማሳመር ሲል ርእሱን ሊያሳጥረው ወይም ንዑስ ርእሱን ሊተወው ይችላልና። ቀጥሎ ከርእሱ ገጽ ጀርባ ያለው ጽሑፍ በሙሉ ይገልበጥ፦ ስንተኛ እትም እንደሆነ፣ የታተመበት ዓመት፣ ማተሚያ ቤቱ፣ አሳታሚው፣ የተጻፈ ከሆነም የቅጂው ብዛት። ማተሚያ ቤትና አሳታሚ አንድ አለመሆናቸው እንዳይዘነጋ ያስፈልጋል። ብርሃንና ሰላም ወይም አርቲስቲክ ማተሚያ ቤት የሚል ጽሑፍ መጽሐፉ የት እንደታተመ ይነግረናል እንጂ ወጪውን ማን እንደቻለ አይነግረንም፤ ብዙ የአማርኛ ደራስያን ደግሞ ብር ተበድረው በገዛ ኪሳቸው ያሳተሙ ስለሆኑ ይህ ልዩነት በኋላ ስለ ኑሯቸው ሲጻፍ ትልቅ ጉዳይ ይሆናል። የገጹ ብዛት፣ ከጀርባ ሽፋኑ ላይ ያለው ዋጋ፣ መታሰቢያነቱ ለማን እንደተሰጠና በመቅድሙ መጨረሻ ላይ ደራሲው የጻፈው ቦታና ቀን ካለ አብረው ይመዝገቡ። ደራስያን የት ሆነው እንደጻፉ ሳያስቡት የሚናገሩት ብዙውን ጊዜ ከመቅድሙ ግርጌ ነው።

በመጨረሻም ካርዱ ላይ ከሁለት ምልክቶች አንዱ ይደረግ፦ «በዓይን የታየ» ወይም «ከሌላ የተወሰደ»። ይህን ቀላል ልማድ የማይከተሉ ጽሑፎች አንዱ ከሌላው እየቀዱ የሌለ መጽሐፍ እስከ መፍጠር ይደርሳሉ። ዳግም እትም ላይ ያለን ዓመት የመጀመሪያ እትም አድርጎ መውሰድም የተለመደ ስሕተት ነውና፣ እትሙ ያልተገለጸ መጽሐፍ ሲያጋጥም ሌላ ቅጂ እስኪገኝ ድረስ ዓመቱ በጥያቄ ምልክት ይቆይ።

የዘመን አቆጣጠሩ ነገር

የአቤ ጉበኛ «አልወለድም» በ1955 ዓ.ም. ታተመ። በውጭ አገር የተጻፉ ማውጫዎችን የሚያገላብጥ ሰው ይኸው መጽሐፍ አንድ ቦታ 1962፣ ሌላ ቦታ 1963 ተብሎ ቢያገኘው ሁለት እትሞች ያሉ ሊመስለው ይችላል። ምክንያቱ ግን ሌላ ነው፤ 1955 ዓ.ም. የሚጀምረው በፈረንጆች መስከረም 11 ቀን 1962 ሲሆን፣ ከታኅሣሥ 23 ጀምሮ ያለው ክፍሉ 1963 ውስጥ ይወድቃል። ወሩ ካልታወቀ ሁለቱም ዓመት ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ወር ሲታወቅ ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ 22 ድረስ 7፣ ከዚያ ወዲያ 8 ዓመት እየተጨመረ ይለወጥ፤ ወር ካልታወቀ ደግሞ «1962/63» ተብሎ ይጻፍ እንጂ በግምት አንዱ አይመረጥ። በጽሑፉ ውስጥ ግን አንድ አቆጣጠር ብቻ ቢኖር ይመረጣል፤ ለአማርኛ አንባቢ የሚጻፍ እስከሆነ ድረስም የእኛው ይበቃል።

መጻሕፍቱን የት እናገኛለን?

አዲስ አበባ መሄድ ለሚችል ሰው ሁለት ቦታዎች ቀዳሚ ናቸው፦ ስድስት ኪሎ የሚገኘው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ቤተ መጻሕፍትና በተለምዶ ወመዘክር የሚባለው ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት። ማውጫ በሚፈለግበት ጊዜ የስሙ አጻጻፍ ሁሉ ይሞከር። ሐዲስ በሐመሩ «ሐ»፣ በሃሌታው «ሀ»፣ ዓለማየሁም በዓይኑና በአልፋው «አ» ተጽፎ ይገኛል፤ በላቲን ፊደል በተዘጋጁ ማውጫዎች ደግሞ አቤ ጉበኛ አንዳንዴ በአባቱ ስም ተመድቦ፣ በተለያየ ሆሄ ይጠብቃል። አንዱ አጻጻፍ ሞክሮ «የለም» ብሎ መመለስ አይገባም።

ጎጃም ውስጥ ለሚሠራ ሰው የደብረ ማርቆስና የባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲዎች አብያተ መጻሕፍት መነሻ ይሆናሉ። ከእነርሱ ቀጥሎ ግን ሀብቱ ያለው በየከተማው አሮጌ መጽሐፍ ከሚሸጡና ከሚያከራዩ ሰዎች፣ ይልቁንም ጡረታ ከወጡ መምህራን ሣጥን ውስጥ ነው። ለኪራይ የኖረ መጽሐፍ ብዙ ይናገራል፤ ጥጉ ተልጦ፣ ጀርባው በወፍራም ክር እንደገና ተሰፍቶ፣ ሽፋኑ በካኪ ወረቀት ተለብዶ፣ የመጀመሪያዎቹ ገጾች ከሌላው ይልቅ ጠቁረው ከተገኘ ያ መጽሐፍ ከእጅ ወደ እጅ ሲዞር ኖሯል ማለት ነው። ሕዝብ የወደደውን ደራሲ ከሌላው የሚለየው ማስረጃ አንዱ ይኸው ነው። የቅጂ ቁጥር ባልተመዘገበበት ሁኔታ፣ የእትሞቹ ብዛትና የመጽሐፉ መቦጨቅ ከብዙ ምስክር ይበልጣሉ። በኅዳጉ ላይ አንባቢዎች የጻፉት አስተያየት ቢኖር ይገልበጥ፤ የጻፉት ሰዎች ስም ግን በጽሑፉ ውስጥ መውጣት የለበትም።

ምን ይቆጠራል?

«ይህን ያህል መጽሐፍ ጽፏል» የሚለው ዓረፍተ ነገር ቀላል ይመስላል፤ ሲመረመር ግን ብዙ ጥያቄ አለበት። በዓለም ላይ በብዛት ከጻፉት አንዱ የሆነው ቤልጅየማዊው ዦርዥ ሲምኖን በራሱ ስም 200 ገደማ ልብ ወለዶችን፣ በብዕር ስሞች ደግሞ የዚያኑ ያህል ጽፏል፤ ስለዚህ የብዕር ስሞቹን የማያውቅ ሰው ግማሹን ሥራ ሳያየው ያልፋል። አጋታ ክሪስቲም ከወንጀል ልብ ወለዶቿ ሌላ ሜሪ ዌስትማኮት በሚል ስም 6 መጻሕፍት አሳትማለች። የአሌክሳንደር ዱማን ስም የያዙ ታላላቅ መጻሕፍት ሲጻፉ ኦጉስት ማኬ የተባለ ሰው አብሮ ይሠራ ነበር፤ ጉዳዩም እስከ ፍርድ ቤት ደርሷል። የእኛ ደራስያን በዚህ መጠን ባይጽፉም ጥያቄዎቹ ያው ናቸው፦ የብዕር ስም ነበረው ወይ? በጋዜጣ ላይ በተከታታይ ያወጣው፣ በመጽሐፍ ግን ያልታተመ ታሪክ አለ ወይ? መድረክ ላይ ታይቶ ጽሑፉ የጠፋ ተውኔትስ?

በአማርኛ ጉዳይ ላይ አንድ ተጨማሪ ጥንቃቄ ያስፈልጋል። በስለላና በወንጀል ታሪኮች ዘንድ ሽፋኑ ላይ ስሙ በጉልህ የተጻፈው ሰው ደራሲው፣ ተርጓሚው ወይም የውጭ ታሪክ ወስዶ ወደ አገር ልማድ የመለሰው ሰው ሊሆን ይችላል። ስለዚህ ዝርዝሩ ወጥ ሥራ፣ ትርጉምና ውርስ ትርጉም ተብሎ ይከፈል፤ አጠራጣሪው ደግሞ አጠራጣሪ መሆኑ ተጽፎ ለብቻው ይቀመጥ። ተርጓሚ መሆን ደራሲነትን አያሳንስም፤ መደባለቁ ግን አንባቢን ያሳስታል።

ከዝርዝሩ ወደ ሕይወቱ

ካርዶቹ በዓመት ቅደም ተከተል ሲደረደሩ የሕይወቱ ቅርጽ ራሱ ብቅ ማለት ይጀምራል። የ«አልወለድም» ካርድ 1955፣ የ«ምልክዓም ሰይፈ ነበልባል» 1956፣ ስለ ዐፄ ቴዎድሮስ የሚተርከው የ«አንድ ለናቱ» ካርድ 1961 ዓ.ም. ላይ ይቀመጣሉ። ከዚያ መጻሕፍት የተከማቹበትና የሳሱበት ጊዜ ይታያል፤ የሳሳው ጊዜ ሁሉ ጥያቄ ይወልዳል። ታሞ ነበር? ሥራ ይዞ ነበር? ጽፎ ሳንሱር ከልክሎት ይሆን? አቤ በጽሑፉ ምክንያት ወደ ኢሉባቦር ተግዞ ነበር፤ በ1966 ዓ.ም. አካባቢ ደግሞ በአሜሪካ አዮዋ ዩኒቨርሲቲ በሚካሄደው ዓለም አቀፍ የደራስያን ፕሮግራም ተካፍሏል። ሁለቱም ክስተቶች በዝርዝሩ ላይ ቦታቸውን ሲይዙ ከፊታቸውና ከኋላቸው ያሉትን መጻሕፍት ለማንበብ ይረዳሉ።

ሳንሱርን በሚመለከት፣ ቅድመ ምርመራ በሕግ የቀረው በ1985ቱ የፕሬስ አዋጅ ቁጥር 34 ስለሆነ ከዚያ በፊት የወጣ መጽሐፍ ሁሉ በሌላ ሰው እርሳስ ሥር ያለፈ መሆኑ መታወስ አለበት። በመሆኑም አንድ መጽሐፍ የተጻፈበት፣ የታተመበትና ለሽያጭ የወጣበት ጊዜ ሦስት የተለያዩ ቀኖች ሊሆኑ ይችላሉ፤ የሚቻል ከሆነ ሦስቱም ይፈለጉ።

ቅኔ ቤት የዋለ ደራሲ ሲሆን

የጎጃም ደራሲ ሕይወት ሲጻፍ «የቤተ ክህነት ትምህርት ተምሯል» ብሎ ማለፍ ከድክመቶች ሁሉ የከፋው ይመስለኛል። ዋሸራና ጎንጅ የተባሉት የቅኔ ቤቶች ያሉበት አገር ስለሆነ ጥያቄው ዝርዝር መሆን አለበት፦ የማን ጉባኤ ላይ ዋለ? የዋሸራን ቤት ነው የተማረው የጎንጅን? አጭሩን ቅኔ ጉባኤ ቃናን ቆጥሮ ነው የተወው ወይስ ረዥሙ መወድስ ደርሶ ተቀኝቷል? ቆሎ ተማሪ ሆኖ ከቤተሰቡ ርቆ ነበር ወይስ ከቤቱ እየተመላለሰ ይማር ነበር? በሁለት ቤት ጉባኤ ቃና የቆመ ልጅና በስምንት ቤት መወድስ የተፈተነ ሰው በቋንቋ ላይ ያላቸው ድፍረት አንድ አይደለም።

አቤ ላይ ሲታይ ይህ ጥያቄ ዋጋ አለው። «አልወለድም» ገና በማሕፀን ያለ ጽንስ ወደዚህ ዓለም አልመጣም ብሎ ከእናቱ ጋር ሲከራከር የምናነብበት መጽሐፍ ነው። ሐያስያን በአቤ ልብ ወለዶች ላይ ከሚያነሡት ነቀፋ አንዱ ታሪኩ እየቆመ ክርክርና ስብከት ይበዛል የሚል ነው። ነቀፋው እውነትነት አለው፤ ይሁን እንጂ የዘመኑ አንባቢ መጽሐፉን ያነሣው ለዚያው ክርክር እንደነበር እገምታለሁ። ጥያቄና መልስ፣ ሙግትና ማሸነፊያ የትምህርቱ አካል በሆነበት ጉባኤ ለዋለ ሰው ገጸ ባሕርይን ቁጭ አድርጎ ማከራከር ድክመት ሳይሆን ልማድ ነው። እንዲህ ያለውን ፍርድ መስጠት የሚቻለው ግን ትምህርቱ በዝርዝር ከታወቀ በኋላ ብቻ ነው።

ሽማግሌዎችን መጠየቅ

ለጥያቄ ሲሄዱ ዓመት መጠየቅ ብዙ አይጠቅምም። የኔታን «በስንት ዓመተ ምሕረት ነበር?» ከማለት ይልቅ «የኔታ፣ እርሱ ከዚህ ሲሄድ ጣሊያን ወጥቶ ነበር?» ብሎ መጠየቅ የተሻለ መልስ ያመጣል። ጣሊያን የገባበት 1928፣ የወጣበት 1933፣ የታኅሣሡ ግርግር 1953፣ በጎጃም በግብር ምክንያት ዐመፅ የተነሣበት 1960፣ የመሬት አዋጁ 1967 ዓ.ም. በሽማግሌዎች ዘንድ እንደ ችካል የቆሙ ናቸው። ተራኪው አንዱን ነገር ከእነዚህ በፊት ወይም በኋላ ካደረገው ዓመቱን ማቅረብ ይቻላል።

ሁለተኛው ነገር ተራኪው ራሱ የት እንደነበር ማወቅ ነው። «አንቱ ያን ጊዜ የት ነበሩ?» የሚለው ጥያቄ በትሕትና ከቀረበ ማንንም አያስቀይምም፤ ያየውን ከሰማው ለመለየት ግን ከእርሱ የተሻለ የለም። «አልወለድም» ታግዶ ከገበያ እንዴት እንደተሰበሰበ፣ ስንት ቅጂ እንዳመለጠ፣ ደራሲው ማን ፊት ቀርቦ ምን እንደመለሰ የሚነገረው ነገር ብዙ ነው፤ ከሰው ሰው ደግሞ ይለያያል። እንዲህ ሲሆን በጣም የጣፈጠውን መርጦ መጻፍ አይገባም። የሚስማሙበት በጽሑፉ ዋና ክፍል ይግባ፤ የሚለያዩበት «እንዲህም ይባላል» ተብሎ ከነልዩነቱ ይቀመጥ። መልሱ በጣም ያማረ፣ አፍ ላይ የሚቀመጥ ንግግር ሆኖ ከተገኘ ጥርጣሬው ይበረታ፤ በጎጃም ንግግር የሚያሳምር ሰው ስለማይጠፋ ንግግሩ የተራኪው ራሱ ሊሆን ይችላል።

ቤተሰብ ሲጠየቅ ደግሞ ፈቃድ ይቅደም። ደብዳቤ፣ ፎቶግራፍና ያልታተመ ረቂቅ የቤተሰቡ ነው። ለማየት የተፈቀደ ነገር ለማሳተም ተፈቅዷል ማለት አይደለምና ሁለቱ ለየብቻ ይጠየቁ።

እንጀራውን መጠየቅ

በብዛት የጻፈን ሰው ሕይወት የሚጽፉ ብዙዎች የሚዘሉት፣ እኔ ግን ከሁሉ አስቀድሜ ባውቀው የምመርጠው ነገር ደራሲው በምን ይተዳደር እንደነበርና በቀን እንዴት ይሠራ እንደነበር ነው። እንግሊዛዊው አንቶኒ ትሮሎፕ የፖስታ ቤት ሠራተኛ ሆኖ ሳለ 47 ልብ ወለዶችን ጽፏል፤ ከሞተ በኋላ በ1883 እንደ ፈረንጆቹ በታተመው ግለ ታሪኩ ላይ ሰዓቱን ፊቱ አስቀምጦ በየሩብ ሰዓቱ 250 ቃላት ይጽፍ እንደነበር ተናዝዟል፤ ይህን መናገሩም በሐያስያን ዘንድ ዝናውን ጎዳው። የእኛ ደራሲም ይህን የመሰለ ጥያቄ ይገባዋል፦ ጠዋት ይጽፍ ነበር ወይስ ማታ? በእጁ ጽፎ ታይፕ የሚመታለት ማን ነበር? ማተሚያ ቤቱ ቅድሚያ ክፍያ ጠይቆታል? መጽሐፉን ያከፋፈለው ማን ነው፤ ከእያንዳንዱ ቅጂስ ምን ደረሰው? ደመወዙን ትቶ በመጽሐፍ ሽያጭ ለመኖር የወሰነ ሰው በዓመት ሁለት መጽሐፍ ቢያወጣ ምክንያቱ ተመስጦ ብቻ አይሆንም። የቤት ኪራይም አለ።

ሲጻፍ

መጻሕፍቱን ሁሉ ማንበብ ግዴታ ነው፤ ሁሉንም መተረክ ግን አይደለም። አሥራ አምስት መጽሐፍ እያንዳንዱ በአንድ አንቀጽ ሲጠቃለል አንባቢ ከሦስተኛው በኋላ ያቆማል። ሦስት መጻሕፍት መርጦ በስፋት መሄድ ይሻላል፦ ስሙን ያስጠራው፣ ዋጋ ያስከፈለው፣ ዛሬ ማንም የማያነሣው። የመጨረሻው እንዳይቀር፤ ደራሲው ሲደክም ወይም ሲቸኩል ምን እንደሚያደርግ የሚታየው እዚያ ላይ ነው። የቀሩት በዝርዝሩ ውስጥ ይበቃቸዋል።

ከመጻሕፍቱ ሲጠቀስ አጭር ይሁን፤ ገጹና እትሙም ይገለጽ። የቅጅና ተዛማጅ መብቶች አዋጅ ቁጥር 410/1996 የደራሲን የኢኮኖሚ መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ስለሚጠብቅ፣ በ1972 ዓ.ም. ያረፈው የአቤ ሥራዎች እስከ 2022 ዓ.ም. ድረስ የወራሾቹ ናቸው። ስለዚህ አሮጌ ቅጂ ስለተገኘ ብቻ ሙሉውን ፎቶ አንሥቶ በስልክ መበተን አይፈቀድም፤ ለዝርዝሩ የሚያስፈልገውን የርእስ ገጽና ጀርባውን ማንሣት ግን ሥራውን ያቀልላል።

ጽሑፉ ሲያልቅ ከነካርዶቹ ቅጂ አንድ ለከተማው ሕዝብ ቤተ መጻሕፍት፣ አንድ ለቅርቡ ዩኒቨርሲቲ ይሰጥ። ካርዶቹ ላይ «ከሌላ የተወሰደ» የሚል ምልክት ያለባቸው መጻሕፍት ለብቻቸው በአንድ ወረቀት ተጽፈው ከፊት ይያያዙ፤ ቀጥሎ የሚመጣው ተማሪ ፍለጋውን የሚጀምረው ከእነርሱ ነው።